የእድሮቻችን ኅብረት የዕቅድ ውይይት፦ ስለ አረጋውያን አባላት መተዳደሪያ ለወረዳው የሚቀርብ የጋራ ሐሳብ

ከጸሐፊው፦

የተከበራችሁ አባላት፣ በሽሮ ሜዳና በዙሪያው ያሉ እድሮቻችን በጋራ የሚያቀርቡት ሐሳብ የመጀመሪያ ረቂቅ ተዘጋጅቷል። በረቂቁ መሠረት 60 ዓመት የሞላቸውና ጡረታ የሌላቸው አባላት ይመዘገባሉ፤ የማኅበረሰብ አቀፍ ጤና መድን ዓመታዊ መዋጮአቸውን እድሮቹና ወረዳው ተጋርተው ይከፍላሉ፤ የከተማ ሴፍቲኔት የቀጥታ ድጋፍ (መሥራት ለማይችሉ ድሆች የሚሰጥ ገንዘብ) ምልመላ ሲካሄድም ከየእድሩ አንድ ታዛቢ እንዲገኝ እንጠይቃለን። እርማታችሁን እስከ እሑድ እንድትጽፉልን በአክብሮት እንለምናለን።

ከአንድ ጡረተኛ የሂሳብ ሠራተኛ፦

«ጡረታ የሌላቸው» የሚለው ሐረግ እንዲወጣ እጠይቃለሁ። ጡረታ አለ ማለት ኑሮ አለ ማለት አይደለም። አሠራሩን ለማታውቁት፣ 10 ዓመት ያገለገለ ሠራተኛ የመጨረሻ ሦስት ዓመት አማካይ ደመወዙ 30 በመቶ ይታሰብለታል፤ ከዚያ በላይ ለእያንዳንዱ ዓመት 1.25 በመቶ ይጨመርለታል። አማካይ ደመወዙ 5,000 ብር ሆኖ 25 ዓመት ያገለገለ ዘበኛ፣ በኋላ የሚመጣው ማስተካከያ ሳይቆጠር፣ 2,437 ብር ከ50 ሳንቲም ያገኛል ማለት ነው። እርሱ ሲሞት ደግሞ ለሚስቱ የሚተርፈው የዚህ ግማሽ ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብር ምንዛሪ ለገበያ ከተለቀቀ ወዲህ ዘይትና ጤፍ ስንት እንደደረሱ ለዚህ ጉባኤ መንገር አያስፈልገኝም። በረቂቁ ቋንቋ ከሄድን እኚህ ሴት «ባለ ጡረታ» ተብለው ከዝርዝሩ ይወጣሉ።

ከሸማኔዎች እድር ተወካይ፦

ወንድማችን ያሉትን እደግፋለሁ፤ የእኛ ነገር ግን ከዚያም የራቀ ነው። የግል ድርጅት ሠራተኞች ጡረታ በ2003 ዓ.ም. በአዋጅ ተጀምሮ ዛሬ አሠሪው 11፣ ሠራተኛው 7 በመቶ ያዋጣል። ሸማኔ አሠሪ የለውም። ሕጉ መደበኛ ባልሆነ ሥራ ላይ ያለ ሰው በፈቃዱ እንዲገባ በር ቢተውለትም፣ ገቢው ለጥምቀትና ለፋሲካ ሰሞን ሞልቶ በክረምት የሚደርቅ ሰው በየወሩ ቋሚ መዋጮ ከየት ያመጣል? ጎረቤቴ 40 ዓመት ጉድጓድ ውስጥ እግራቸውን ከተው ሲሸምኑ ኖረው፣ ዓይናቸው ሲደክም ጥለቱን መቁጠር ተሳናቸውና እቃቸውን ለልጅ አስረከቡ። ያን ዕለት ገቢያቸው አበቃ።

ከእናቶች እድር ተወካይ፦

ስለ ዕድሜው አንቀጽ አንድ ነገር ላንሳ። ጥጥ የሚፈትሉና ከእንጦጦ እንጨት ሲሸከሙ ያረጁ እናቶቻችን የልደት ምስክር ወረቀት ኖሯቸው አያውቅም። አንዷን እትዬ ይዤ ለሌላ ጉዳይ ወደ አንድ መሥሪያ ቤት ሄጄ ነበር፤ መታወቂያቸው 58 ዓመት ይላል፤ እርሳቸው ግን «ንጉሡ ሲወርዱ ሁለተኛ ልጄን አርግዤ ነበር» ይላሉ። ንጉሡ የወረዱት መስከረም 1967 ዓ.ም. ነውና ሂሳቡን ራሳችሁ አስቡት። የመሥሪያ ቤቱ ወጣት ጸሐፊ «እማማ፣ ወረቀቱ የሚለውን ነው የምናየው» ብሎ መለሳቸው። ስለዚህ መታወቂያው ከእውነቱ ሲያንስ የእድሩ ዳኛና ሁለት ጎረቤቶች በፊርማቸው የሚሰጡት ምስክርነት እንዲተካው በረቂቁ ይግባ።

ከገንዘብ ያዥ፦

ሐሳቡን አልቃወምም፤ ሆኖም የእድር ሣጥን የተሰበሰበው ለቀብር እንደሆነ ሳንረሳ እንነጋገር። በአንድ ወር ሦስት ለቅሶ ቢደርስብንና ሣጥኑ ለጤና መድን ወጥቶ ባዶ ቢገኝ፣ መጀመሪያ የምንወቀሰው በእነዚሁ ሽማግሌዎች ልጆች ነው። ሣጥኑ ለየብቻ ይሁን፤ ምንጩም አዲስ መዋጮ ብቻ ሳይሆን በለቅሶ ቤት ሦስት ቀን የምናወጣው የምግብ ወጪ ተቀንሶ ይታሰብ። (ይህን ስል ከባለቤቴ ጋር ሳይቀር እንደምጣላ አውቃለሁ።)

ከእናቶች እድር ተወካይ፦

የለቅሶውን ምግብ የሚያበስሉት እኮ እኛ ነን። ከሦስት ቀን ወደ አንድ ቀን ቢወርድ ከእናቶች ወገን ቅሬታ አይነሳም።

ከጸሐፊው፦

እስካሁን በተሰጡት አስተያየቶች መሠረት የመጀመሪያው አንቀጽ እንዲህ ተስተካክሏል፦ «ዕድሜያቸው በመታወቂያ ወይም በእድር ዳኛና በሁለት ጎረቤቶች ምስክርነት 60 ዓመት መሙላቱ የተረጋገጠ፣ ጡረታ ቢኖራቸውም ባይኖራቸውም ወርሃዊ ገቢያቸው ለቤት ኪራይና ለምግብ የማይበቃ አባላት ይመዘገባሉ።» የሣጥኑ መለየትና የለቅሶ ወጪው መቀነስ መተዳደሪያ ደንባችንን የሚነካ ስለሆነ በኅብረቱ ብቻ ሊወሰን አይችልም፤ እያንዳንዱ እድር በወርሃዊ ስብሰባው አቅርቦ ውሳኔውን በቃለ ጉባኤ እንዲልክልን፣ ሸማኔዎቹም በፈቃድ ጡረታ ለመግባት የሚፈልጉትን ሰዎች ብዛት ቆጥረው እንዲያሳውቁን እንጠይቃለን።