የማይሠራው ቤት ፕላን፦ ለማኅበራችን የጋራ ሐሳብ ውይይት

አስተባባሪዋ (ሆጤ)
ሰላም ለሁላችሁ። ባለፈው እሑድ የተነጋገርነውን ልቋጨው ብዬ ቁጭ አልኩ፤ ለብቻዬ አልሆነልኝም። እንደምታስታውሱት ማኅበራችን ዘንድሮ የሚያቀርበው አንድ ቤት ነው። በወረቀት ላይ ብቻ የሚኖር ቤት። ቦታው ደሴ፣ ከጦሳ ተራራ ግርጌ፣ ተዳፋቱ ላይ። ሥራው በዓለም ላይ ተነድፈው ሳይሠሩ የቀሩ ሕንፃዎችን ማሳየት ነው። መክፈቻዬ ይቺ ናት፦

«ደሴ የተሠሩላትን ታውቃለች። አይጠየፍን ታውቃለች፣ መርሆ ግቢን ታውቃለች። ይህ ቤት ያልተሠሩትን ያሳያታል።»

ጨምሩበት፣ ቀንሱበት።

ተማሪው (ኮምቦልቻ)
እህቴ፣ መክፈቻዋ ቆንጆ ናት፣ አትነካ። እኔ ውስጥ ስለሚገቡት ልናገር።

ፈረንሳዊው ኤቲየን ሉዊ ቡሌ እ.ኤ.አ. በ1784 ለኒውተን መታሰቢያ የነደፈው ድቡልቡል ሕንፃ መቅረት የለበትም። ቁመቱ 150 ሜትር ያህል ነው። ጣሪያው በትንንሽ ቀዳዳዎች የተበሳ ነው። ቀን ላይ በቀዳዳዎቹ የሚገባው ብርሃን ውስጥ ላለ ሰው ኮከብ ይመስላል። ማታ ደግሞ መሃሉ ላይ የተሰቀለ መብራት እንደ ፀሐይ ያበራል። ውጭ ሲነጋ ውስጡ ይመሻል፣ ውጭ ሲመሽ ውስጡ ይነጋል። ይህን ያነበብኩ ቀን እንቅልፍ አልወሰደኝም።

ሁለተኛው የሩሲያዊው የቭላድሚር ታትሊን ግንብ ነው። ማኬቱን (ትንሹን አምሳያ) ያሳየው እ.ኤ.አ. በ1920 ሲሆን የታሰበው 400 ሜትር ነበር። ውስጡ የሚዞሩ ክፍሎች አሉት። የታችኛው በዓመት አንዴ፣ ቀጥሎ ያለው በወር አንዴ፣ ከሱ በላይ ያለው በቀን አንዴ ይዞራል።

ሦስተኛው አሜሪካዊው ፍራንክ ሎይድ ራይት እ.ኤ.አ. በ1956 ያቀረበው ሰማይ ጠቀስ ሕንፃ ነው። 528 ፎቅ፣ አንድ ማይል፣ ማለትም 1,609 ሜትር። የዱባዩ ቡርጅ ኸሊፋ 828 ሜትር ነው፤ ግማሹን ትንሽ ቢያልፍ ነው።

ሁሉንም በ1 ለ100 ማኬት፣ መቶው ሜትር አንድ ሜትር ሆኖ፣ እናሳያቸው። ምጣኔው አንድ ካልሆነ ሰው በዓይኑ ሊያወዳድር አይችልም።

ግንበኛው ጋሼ (ሮቢት)
ልጄ፣ እስኪ አስላው። የኒውተኑ ሜትር ተኩል ይሆናል፤ ጠረጴዛ ላይ ይቀመጣል። የሩሲያው 4 ሜትር ነው፤ ከፍ ያለ ኮርኒስ ይፈልጋል። ያ የአሜሪካው ግን 16 ሜትር ነው። አምስት ፎቅ ማለት ነው። የቱ ክፍል ውስጥ ሊገባ?

ተማሪው (ኮምቦልቻ)
እውነትዎን ነው ጋሼ፣ አላሰላሁትም ነበር። ለሱ ብቻ ምጣኔውን እንቀይር?

ግንበኛው ጋሼ (ሮቢት)
አብሽር፣ ምጣኔው አይቀየርም። የሚቀየረው ቤቱ ነው። ተዳፋት ላይ ነው ብላችኋል። ደሴ ውስጥ ከመንገዱ በኩል ምድር ቤት ብቻ የሚመስል፣ በጓሮው ዞረህ ስታየው ግን ሦስት ፎቅ የሆነ ቤት ስንት አለ? እንደዚያ ይሁን። በሩ ከላይ፣ ከተራራው በኩል ይከፈት። ሰው ከላይ ገብቶ በደረጃ ይውረድ። ማኬቱ በደረጃው መሃል ከታች ይነሣ። መጀመሪያ ጫፉን ያያል፣ እየወረደ ወገቡን፣ መጨረሻ ላይ እግሩን። ላሊበላ ቤተ ጊዮርጊስ የተፈለፈለው ከላይ ወደ ታች አይደል? ጎብኚውም እንደዚያ ይውረድ።

አንድ ነገር ግን አደራ። የማይሠራ ቤት ነው ብላችሁ መሠረቱን እንዳትዘሉት። የተዳፋት ቤትን የሚጥለው ውኃ ነው። የድጋፍ ግንቡ መተንፈሻ ከሌለው የክረምቱ ውኃ ከጀርባው ይጠራቀማል፣ አፈሩ ይከብዳል፣ ግንቡን ይገፋል። ስለዚህ ከግንቡ ጀርባ ጠጠር ይሞላ። ግንቡ ላይ የውኃ መውጫ ቱቦ ይሳል። ከበላዩ ደግሞ ጎርፉን ወደ ጎን የሚወስድ ቦይ። ቢሠራ የሚወድቅ ከሆነ እኔ ፕላን አልለውም። ሥዕል ነው።

አስተባባሪዋ (ሆጤ)
ጋሼ፣ ይህ የመጨረሻው ቃል ረቂቁ ውስጥ ይገባል። እንዳለ።

ተማሪው (ኮምቦልቻ)
ቦዩ አንድ ሐሳብ ሰጠኝ። ሊዮናርዶ ዳ ቪንቺ እ.ኤ.አ. በ1502 ለኦቶማኑ ሱልጣን ባያዚድ ዳግማዊ፣ ኢስታንቡል ላይ ድልድይ ነድፎ ነበር። 240 ሜትር ያህል፣ በአንድ ቅስት። አልተሠራም። እ.ኤ.አ. በ2019 የአሜሪካው ኤምአይቲ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች በ126 ቁርጥራጭ ማኬት ሠሩት፤ ያለ ማጣበቂያ በራሱ ቆመ። በእኛ ምጣኔ 2 ሜትር ከ40 ይሆናል። ቦዩን ልክ ይሻገረዋል! መግቢያችን እሱ ቢሆንስ?

ግንበኛው ጋሼ (ሮቢት)
ስፋቱ ስንት ነው?

ተማሪው (ኮምቦልቻ)
24 ሜትር ያህል። አዎ፣ 24 ሳንቲ ይሆናል። አይረገጥም።

ግንበኛው ጋሼ (ሮቢት)
ከመግቢያው ጎን ይቁም። በጥርብ ድንጋይ ይሁን፣ ሲሚንቶ የሚባል አይንካው። ሰው በሌላው ይሻገርና እሱን እያየ ይግባ።

የታሪክ መምህርቷ (ፒያሳ)
እስካሁን ያነሣችሁት ሁሉ «ምነው በተሠራ» የሚያሰኝ ነው። ሌላም ዓይነት አለ። ታዋቂው አርክቴክት ሌ ኮርቡዚዬ እ.ኤ.አ. በ1936 ለአዲስ አበባ የከተማ ንድፍ ስሏል። ንድፉ ለፋሺስት ኢጣሊያ የታሰበ ነበር፤ የነበረችውን ከተማ እንደሌለች የቆጠረ። በወረቀት ቀረ። ይህም ይግባ።

ባለሱቁ (ሸዋ በር)
ይቅርታ እህቴ፣ እኔ አልስማማም። ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም. የኢጣሊያ አውሮፕላን ደሴን በቦምብ ደብድቧል። አያቴ እስክትሞት ድረስ የአውሮፕላን ድምፅ ስትሰማ ቤት ትገባ ነበር። ያንን ኃይል ሊያገለግል የተሳለ ወረቀት እዚህ ከተማ ይሰቀላል?

የታሪክ መምህርቷ (ፒያሳ)
ወንድሜ፣ ያልከው ልክ ነው፤ ለክብር እንዲሰቀል አልፈልግም። ለብቻው ክፍል ይኑረው። ስሙ «እሰይ ያልተሠሩ» ይባል። በሩ ላይ የደሴ የድብደባ ቀን ይጻፍ፤ ሰው እሱን አንብቦ ይግባ። የሞስኮው የሶቪየቶች ቤተ መንግሥትም እዚያው ይሁን። ለሱ ሲባል እ.ኤ.አ. በ1931 ትልቅ ካቴድራል ፈረሰ። ግንባታውን ሁለተኛው የዓለም ጦርነት አስቆመው። ጉድጓዱ በኋላ የመዋኛ ገንዳ ሆነ። ካቴድራሉ እንደገና የተሠራው እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ ነው። ያልተሠራም ሕንፃ የሚያፈርሰው አለ፤ ልጆቻችን ይህንን ይወቁ።

ባለሱቁ (ሸዋ በር)
የድብደባው ቀን በሩ ላይ ከተጻፈ እስማማለሁ።

ከአዲስ አበባ (የሮቢት ልጅ)
ዘግይቼ ነው የገባሁት፣ ሁሉንም አንብቤዋለሁ። አንድ ክፍል ጎድሏል፤ የእኛው። አባቴ በ1966 ዓ.ም. የቤት ፕላን አሥሎ ነበር። ታቹ ሁለት የሚከራዩ ሱቆች፣ ላዩ መኖሪያ፣ ወደ ጦሳ የሚያይ በረንዳ። ድንጋይ ማስጫን ጀምሮ ነበር። ሐምሌ 1967 የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት ያደረገው አዋጅ ወጣ። ፕላኑን አጥፎ ሳጥን ውስጥ ከተተው። እኛ ልጆቹ ግን ቤቱን እናውቀዋለን። እራት ላይ «እዚህ ጋ መስኮት ነበር» ይለን ነበር። ነበር ነው የሚለው። እናቴ የትኛው ክፍል ጠዋት ፀሐይ እንደሚያገኝ ዛሬም ትናገራለች።

ደሴ ውስጥ በየሳጥኑ እንዲህ ዓይነት ፕላን ያለ ይመስለኛል።

ግንበኛው ጋሼ (ሮቢት)
አለ እንጂ። እኔ ራሴ መሠረቱን ቆፍሬ ሳይቆም የቀረ ቤት አለ። ባለቤቱ በሕይወት የለም፤ ልጆቹን እጠይቃለሁ።

አስተባባሪዋ (ሆጤ)
እኔ አሁን ሌላ ምንም አልጨምርም። ረቂቁ ላይ እንዲህ አስገብቼዋለሁ፦

«ከደረጃው ግርጌ፣ የረጅሙ ማኬት እግር ያለበት ክፍል የደሴና የኮምቦልቻ ሰዎች ነው። ያልተሠራ የቤት ፕላን ያለው ሁሉ ያመጣል። በ1 ለ100 ማኬት ይሠራለታል፤ ከነቡሌ እኩል።»

ተማሪው ቁረጡን (ቤቱ ከላይ እስከ ታች ተሰንጥቆ ሲታይ ያለውን ሥዕል) ይሳል፤ ቦዩና የድጋፍ ግንቡ ሳይቀር። ጋሼ ያዩታል። መምህርቷ የ«እሰይ ያልተሠሩ»ን ጽሑፍ ትጻፍ፤ ባለሱቁም አብሯት ያንብበው። ቅዳሜ ከሰዓት እኔ ቤት እንገናኝ።

ከአዲስ አበባ (የሮቢት ልጅ)
ዓርብ ማታ ደሴ እገባለሁ፣ ፕላኑን ይዤ። እጥፋቱ ላይ ተበልቷል፤ የሚዘረጋበት ሰፊ ጠረጴዛና አንድ መስታወት አዘጋጁልኝ። እናቴም ትመጣለች። ፀሐይዋ በየት በኩል እንደምትገባ እሷ ናት የምታውቀው።