በካራቫን አውሮፕላን ቻርተር (አውሮፕላኑን በሙሉ መከራየት) አንዱ ድርጅት «9 ሰው» ሌላው «6 ሰው» ይላሉ፤ የቱ ነው ትክክል?

የመስክ_አስተባባሪ
ጤና ይስጥልኝ። 9 የጤና ባለሙያዎች ከቦሌ ተነስተው በታችኛው ኦሞ ወዳለ የጠጠር ሜዳ መብረር አለባቸው። ሜዳው 1,000 ሜትር ገደማ ይረዝማል፣ ከፍታው 450 ሜትር አካባቢ ነው፣ ነዳጅ የለውም። ሻንጣና መሣሪያ ተደምሮ በነፍስ ወከፍ 15 ኪሎ ይደርሳል። ሰዎቹ በመጀመሪያው ቀን ይሄዳሉ፣ በአራተኛው ይመለሳሉ።

ሁለት ፕሮፎርማ ደርሶናል፤ ሁለቱም በሴስና ግራንድ ካራቫን ነው። አንደኛው «9 ሰው ይጭናል» ይላል። ሁለተኛው «6 ብቻ» ይልና የአራት በረራ ሒሳብ ያስከፍላል። እኛ የጠየቅነው ግን ሁለት በረራ ነው። አውሮፕላኑ ከ9 በላይ ወንበር እያለው ለምን 6? አራቱስ በረራ ከየት መጣ?

የጭነት_ሚዛን
ወንበር አይቁጠሩ፣ ኪሎ ይቁጠሩ። 675 የፈረስ ጉልበት ያለው ግራንድ ካራቫን ለመነሳት የሚፈቀድለት ከፍተኛ ክብደት 8,750 ፓውንድ፣ ማለትም 3,969 ኪሎ ነው። ወንበር ተገጥሞለት ባዶውን 2,350 ኪሎ ይመዝናል እንበል (ትክክለኛው ቁጥር በእያንዳንዱ አውሮፕላን የሚዛን ወረቀት ላይ ነው፤ ኦፕሬተሩን፣ ማለትም አውሮፕላኑን የሚያበረውን ድርጅት፣ ይጠይቁት)። ሁለት ፓይለት ከነቦርሳቸው 180 ኪሎ። ለነዳጅ፣ ለሰውና ለዕቃ የቀረው 1,439 ኪሎ ብቻ ነው።

አሁን ነዳጁ። ከቦሌ ታችኛው ኦሞ በቀጥታ 290 የባሕር ማይል ያህል ነው፤ በ160 ኖት (በሰዓት 160 የባሕር ማይል) ፍጥነት 1 ሰዓት ከ50 ደቂቃ ይፈጃል። በሰዓት 170 ኪሎ ይበላል ብለን ብንይዝ ደርሶ መልስ 623 ኪሎ ይሆናል። ሜዳው ላይ ነዳጅ ስለሌለ የመመለሻውንም ከቦሌ ይዞ ነው የሚነሳው። በዚያ ላይ 5 በመቶ መጠባበቂያ፣ ወደ ተለዋጭ አውሮፕላን ማረፊያ ለመሄድ የግማሽ ሰዓት፣ እና መነካት የሌለበት የመጨረሻ 30 ደቂቃ ይጨመራል። ጠቅላላው ወደ 825 ኪሎ ይጠጋል። ለሰውና ለዕቃ የሚተርፈው 614 ኪሎ ነው። አንድ ሰው 80፣ ዕቃው 15፣ ድምሩ 95፤ 6 ሰው 570። ሰባተኛው አይገባም። ሁለተኛው ኦፕሬተር በትክክል ነው የሠራው።

ይህ ማለት ግን 9 የሚለው ዋሽቷል ማለት አይደለም። በመንገድ ላይ ነዳጅ ከቀዳ ሒሳቡ ይለወጣል። አርባ ምንጭ ላይ አርፎ፣ ከዚያ እስከ ሜዳውና ተመልሶ አርባ ምንጭ የሚያደርሰውን ብቻ ከነመጠባበቂያው ቢቀዳ 440 ኪሎ አካባቢ ይበቃዋል። ያኔ 1,000 ኪሎ ይተርፋል፤ 9 ሰው ከነዕቃው 855 ነው። ስለዚህ ለአንደኛው ኦፕሬተር አንድ ጥያቄ ይላኩለት፦ «ነዳጁን የት ነው የምትቀዱት?» ቦታውን ጠርቶ በዚያ ቀን ነዳጅ መኖሩን በጽሑፍ ካረጋገጠ ጥሩ። መልሱ «አታስቡ» ከሆነ ወይ መጠባበቂያውን ሊበላ ነው፣ ወይ ቦሌ ላይ ሦስት ሰው ሊያስወርድ ነው።

ሰዎቹን በእርግጥ ይመዝኗቸው። ከነጫማና ከነጃኬት፣ ከነእጅ ቦርሳ፣ አንድ በአንድ። በግምት 80 የተባለው ሰው 95 ሲወጣ በዘጠኝ ሰው 135 ኪሎ ነው።

የበረራ_ዴስክ
ስለ አራቱ በረራ። ቻርተር የሚከፈለው በብሎክ ሰዓት ነው፤ አውሮፕላኑ ለመነሳት ከተንቀሳቀሰበት ደቂቃ እስከ ቆመበት ድረስ፣ ሰው ይኑርበት አይኑርበት። እናንተን አድርሶ ባዶውን ይመለሳል፣ በአራተኛው ቀን ባዶውን ይመጣል፣ ይዟችሁ ይመለሳል። 4 ጊዜ 1፡50፣ 7 ሰዓት ከ20 ደቂቃ።

ሌላው አማራጭ እዚያው እንዲጠብቃችሁ ማድረግ ነው። ያኔ የሚበረው 3፡40 ብቻ ቢሆንም ኦፕሬተሮች በቀን ዝቅተኛ ሰዓት (ባይበርም የሚከፈል) ያስከፍላሉ። በቀን 2 ሰዓት ከተባለ ለአራት ቀን 8 ሰዓት ይመጣል፤ በዚያ ላይ የሠራተኞቹ አዳርና ውሎ አበል አለ፣ አውሮፕላኑም ጠባቂ ይፈልጋል። ለእናንተ ባዶ መመለሱ ይረክሳል። ቆይታው ሁለት ቀን ቢሆን ግን መጠበቁ ይሻል ነበር። የቀን ዝቅተኛውን ሰዓት ሳይጠይቁ ሁለት ፕሮፎርማ ማወዳደር አይቻልም።

ፕሮፎርማው ላይ የማይጻፉና በኋላ የሚመጡ ነገሮች አሉ፦ ቫት (15 በመቶ) ተካቷል ወይ? የማረፊያ ክፍያውስ? አርባ ምንጭ መቆሙ የሚጨምረው ሰዓት ገብቷል ወይ? ከሁሉም የሚያከራክረው ደግሞ የአየር ጠባይ ነው። ሜዳው ላይ ደርሶ ማረፍ አቅቶት ቢመለስ ሰዓቱን የሚከፍለው ደንበኛው ነው፤ ብዙው ውል እንዲህ ነው የሚለው። አውሮፕላኑ ቢበላሽስ ምትክ የሚያመጣው ማን ነው፣ በስንት ሰዓት ውስጥ? ቀብድ ከመክፈልዎ በፊት ይህን ያስጽፉ።

የመስክ_አስተባባሪ
እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ አሁን ገባኝ። መሣሪያው ውስጥ ትንሽ የቤንዚን ጄኔሬተርና ለክትባት ማቀዝቀዣ የሚሆን ትልቅ የሊቲየም ባትሪ አለ። ችግር ይኖረዋል?

የጭነት_ሚዛን
ሁለቱም የዕለቱን በረራ ሊያስቀሩባችሁ ይችላሉ። ቤንዚን ያየ ጄኔሬተር ታንኩን ገልብጠው ቢያፈሱትም ትነቱ ይቀራል፤ ክዳኑን ሲከፍቱት የሚሸት ከሆነ አይጫንም። አዲስ፣ ነዳጅ ያልነካው ይላኩ፤ ወይም በመኪና ቀድሞ ይሂድ። ባትሪው ላይ የተጻፈውን ዋት-ሰዓት ያንብቡ፤ ከ100 በታች ተሳፋሪ ይዞት ይገባል፣ ከ100 እስከ 160 በኦፕሬተሩ ፈቃድ፣ ከ160 በላይ በተሳፋሪ ሻንጣ አይሄድም። የማቀዝቀዣ ባትሪ ከዚያ እጅግ ይበልጣል። ቁጥሩን ፎቶ አንስተው ዛሬውኑ ለኦፕሬተሩ ይላኩ።

ዕቃውን በለስላሳ ቦርሳ ያሽጉት። ከሆዱ ሥር ያለው የዕቃ ሣጥን ጥልቀቱ ግማሽ ሜትር ገደማ ስለሆነ ጠንካራ ትልቅ ሻንጣ አይገባበትም። ወንበር ላይ የተተወ ዕቃ ደግሞ ካልታሰረ አውሮፕላኑ አይነሳም። ከባዱ ወደ ኋላ ከሄደ የክብደት ማዕከሉ ከገደብ ይወጣልና ፓይለቱ ቦታ ቢያቀያይራችሁ ቅር አይበላችሁ።

ጠዋት_መነሻ
ስለ ሰዓቱ ማንም አላነሳም። ቦሌ 2,300 ሜትር ከፍታ ላይ ነው፤ አየሩ 25 ዲግሪ ሲሞቅ አውሮፕላኑ 3,200 ሜትር ላይ እንዳለ ሆኖ ነው የሚሠራው። የቦሌ መንደርደሪያ ረጅም ስለሆነ እሱ አያሳስብም፤ የሚቸግረው ከተነሳ በኋላ የመውጣቱ አቅም ነው። ሞተሩ የጉልበት ገደቡ ላይ ሳይደርስ የሙቀት ገደቡን ይነካል። ኦሞ ደግሞ ከቀትር በኋላ 35 ይገባል፣ ነጎድጓድም ይነሳል። ከጠዋቱ 1 ሰዓት ላይ መንኮራኩሩ ከመሬት እንዲለቅ ያቅዱ። ሜዳው መብራት ስለሌለው ፀሐይ ከጠለቀች ማረፍም መነሳትም የለም፤ የመመለሻውም ሰዓት ከዚያ ወደ ኋላ ተቆጥሮ ነው የሚወጣው።

ሜዳው ላይ ሳተላይት ስልክ የያዘ ሰው ይኑራችሁ። ጠዋት 12 ሰዓት ላይ ሜዳውን ከዳር እስከ ዳር በመኪና በፍጥነት ይንዳው፤ ከተንገጫገጨ ጉድጓድ አለ ማለት ነው። ሌሊት ከዘነበ በእግሩ ይሂድና ተረከዙን ይጫን፤ የሚሰምጥ ከሆነ አውሮፕላኑ ቦሌ ይቆይ። ለፓይለቱ የሚነግረው ይህን ነው፦ ነፋሱ ከየት እንደሚነፍስ፣ ዝናብ መጣሉን አለመጣሉን፣ ከብት መኖሩን። ከብቶቹን የሚያባርሩ ሁለት ሰዎች አውሮፕላኑ ቆሞ ሞተሩ እስኪጠፋ ድረስ ከዳር አይራቁ፤ ፍየል የሚገባው ሁሉም ሰው አውሮፕላኑን ሊያይ ሲሮጥ ነው።

የበረራ_ዴስክ
ከመፈረማችሁ በፊት አንድ ነገር። የኦፕሬተሩን የአየር ኦፕሬተር ሰርተፍኬት ኮፒ ይጠይቁ፤ ከኢትዮጵያ ሲቪል አቪዬሽን ባለሥልጣን የተሰጠ ነው። ከሱ ጋር ያለው ዝርዝር ላይ የሚመጣው አውሮፕላን ምዝገባ ቁጥር (በኢቲ የሚጀምረው) መኖሩን፣ የመድን ሰርተፍኬቱም ያንኑ ቁጥር መጥቀሱን ያረጋግጡ። በደላላ ከሆነ የሄዳችሁት፣ ውሉ ላይ የኦፕሬተሩ ስም ይኑር። በዕለቱ ሌላ ቁጥር ያለው አውሮፕላን ቢቀርብ ወረቀቱ እንደገና እስኪታይ ማንም አይሳፈር።