የእንግዴ ልጁ ዝቅ ብሏል ተባልኩ፤ ልጄ ሳያድግ ይቀር ይሆን?

ጠያቂ፦
ሰላም እህቶቼ። ሁለተኛ ልጄን አርግዣለሁ፤ 22 ሳምንት ሆኖኛል። ትናንት አልትራሳውንድ ተነሳሁ። ወረቀቱ ላይ «አንቴሪየር፣ ሎው ላይንግ» ይላል። ከማህፀን በር ያለው ርቀት 1.5 ሴንቲ ሜትር ነው። ወረፋው ብዙ ስለነበር ማንም አላብራራልኝም። ጎረቤቴ ደግሞ «እንግዴ ልጁ ከታች ከሆነ ልጁ ምግብ አያገኝም፣ ቀጭጮ ነው የሚወለደው» አለችኝ። ሌሊቱን ሙሉ እንቅልፍ አልወሰደኝም። የመጀመሪያው ልጄ በ17 ሳምንት ሲራገጥ ይሰማኝ ነበር፤ የአሁኑ ግን ድክም ያለ ነው። ምን ላድርግ?

የሦስት ልጆች እናት፦
አይዞሽ እህቴ። «አንቴሪየር» ማለት እንግዴ ልጁ ከፊት ነው ማለት ነው፤ የእኔም ሁለተኛዋ ላይ እንደዚያ ነበር። በሆድሽና በልጁ መሃል እንደ ትራስ ስለሚሆን ምቱ ዘግይቶ፣ ለስለስ ብሎ ነው የሚሰማሽ። እኔ በደንብ የተሰማኝ ከ23 ሳምንት በኋላ ነው። 3.4 ኪሎ ሆና ተወለደች!

አዋላጅ ነርስ፦
ከፊት ወይም ከኋላ መሆኑ ብቻውን ልጅ አያሳንስም። ዋናው ነገር እንግዴ ልጁ ደም በደንብ ማሳለፉ ነው። ልጅ የሚያሳንሱት በብዛት የእናት ደም ግፊት፣ ደም ማነስ፣ ኢንፌክሽን፣ የምግብ እጥረት፣ ሲጋራና ጫት ናቸው። ስለዚህ ግፊትሽን ተለኪ፤ የታዘዘልሽን የአይረን ኪኒን አታቋርጪ። እድገቱ በክትትል ይታያል፤ ሆድሽን በሜትር ሲለኩ 28 ሳምንት ላይ ወደ 28 ሴንቲ ሜትር ይጠጋል።

«ሎው ላይንግ» ማለት ከማህፀን በር ከ2 ሴንቲ ሜትር በታች ርቆ ተቀምጧል ማለት ነው። በዚህ ሳምንት ብዙ ሴት ላይ ይታያል፤ ከ10ሩ በ9ኙ ገደማ እስከ መውለጃ ይርቃል። እንግዴ ልጁ አይራመድም፤ የማህፀኑ የታችኛው ክፍል ሲለጠጥ ነው የሚርቀው። በ32 ሳምንት ድጋሚ ተነሺ።

አንድ ነገር ልጠይቅሽ፦ የመጀመሪያውን በምጥ ነው የወለድሽው ወይስ በኦፕራሲዮን?

ጠያቂ፦
በኦፕራሲዮን።

አዋላጅ ነርስ፦
እንግዲያው ይህን ጠበቅ አድርገሽ ያዢው። ዝቅ ብሎ፣ ከፊት ሆኖ፣ የድሮው የኦፕራሲዮን ጠባሳ ላይ ካረፈ፣ ጠባሳው ውስጥ ሊጣበቅ ይችላል። አክሪታ ይባላል። ሲወልዱ አልላቀቅ ብሎ ብዙ ደም ያፈሳል። አለብሽ እያልኩ አይደለም። ግን የማህፀንና ጽንስ ስፔሻሊስት ጠባሳውን ለይቶ እንዲያይልሽ ጠይቂ። ካለ አስቀድሞ ይታወቅና ደም ባለበት ትልቅ ሆስፒታል ትወልጃለሽ። ቤት ወይም ጤና ጣቢያ እወልዳለሁ ብለሽ አታስቢ።

ፕሪቪያ የነበረባት፦
የእኔ እንግዴ ልጅ የማህፀን በሩን ሙሉ በሙሉ ሸፍኖት ነበር፤ ፕሪቪያ ይሉታል። 31 ሳምንት ላይ ሌሊት ስነቃ አንሶላው ደም ነክሯል። ምንም አላመመኝም! «ካላመመኝ እስኪነጋ ልጠብቅ» ብዬ ነበር፤ ባለቤቴ ነው አስገድዶ የወሰደኝ። እህቴ፣ ደማቅ ቀይ ደም ካየሽ ህመም ባይኖርም ወዲያው ሂጂ። ስትደርሺም «እንግዴ ልጄ ዝቅ ያለ ነው» በይ፤ በአልትራሳውንድ ሳይታይ በጣት የውስጥ ምርመራ እንዳያደርጉልሽ። ልጄ በ37 ሳምንት በኦፕራሲዮን ተወለደ፤ 2.6 ኪሎ ነበር፤ አሁን እየሮጠ ነው።

ጠያቂ፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ለሐሙስ ስፔሻሊስት ጋ ቀጠሮ ይዣለሁ። ካርዴ ላይ የደም ዓይነቴ ኦ ኔጋቲቭ ይላል፤ እሱም ለውጥ ያመጣል?

አዋላጅ ነርስ፦
አዎ፣ ሐሙስ መጀመሪያ ይህንኑ ንገሪያቸው። ደም ከታየሽ አንቲ ዲ የሚባል፣ ሰውነትሽ የልጁን ደም እንዳያጠቃ የሚከላከል መርፌ በ72 ሰዓት ውስጥ ያስፈልግሽ ይሆናል። ኦ ኔጋቲቭ ደም እንደልብ አይገኝም፤ ከዘመድ ያንቺ ዓይነት ያለው ካለ ከአሁኑ አነጋግሪው። እስከ 24 ሳምንት ምንም እንቅስቃሴ ካልተሰማሽ ወይም የለመድሽው ከቀነሰ ቀጠሮ ሳትጠብቂ ሂጂ።