ሰው ደመና ላይ የሚኖርበት ዓለም እየጻፍኩ ነው፤ ካርታው አልያዝ አለኝ

የከዚራ ልጅ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ድሬ ነው ያለሁት። ከክረምት ጀምሮ አንድ ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው። ምድር የሚባል ነገር የሌለበት፣ ሰው ሁሉ ደመና ላይ የሚኖርበት ዓለም ነው። ሜዳ አለው፣ ገደል አለው፣ ሸለቆ አለው፣ ሁሉም ደመና ነው።

ችግሬ ካርታው ነው። ደመና ይሄዳል። ባለታሪኳ የተወለደችበትን መንደር ጥላ ትሄድና ከሰባት ምዕራፍ በኋላ ትመለሳለች፣ ግን ወዴት ነው የምትመለሰው? መንደሩ ከተበተነ መመለስ የሚባል ነገር የለም፤ የታሪኩ ልብ ደግሞ መመለሷ ነው። «በአስማት የቆመ ነው» ብዬ ላልፈው ሞከርኩ። መልሼ ሳነበው ጉም መዝገን ሆነብኝ። ጓደኛዬ «ምናብ አይደል፣ እንደፈለግሽ አድርጊው» ትለኛለች። እኔ ግን አንባቢው በእግሩ እንዲረግጠው ነው የምፈልገው። እስቲ ሐሳብ አዋጡ።

ጀጎል ዙሪያ፦
እህቴ፣ መልሱ ደንገጎ ላይ አለልሽ። እኔ ከሐረር ድሬ የምመላለስ ሰው ነኝ። ድሬ 1,200 ሜትር ገደማ ላይ ናት፣ ሐረር 1,900 ትጠጋለች፣ መሀል ላይ ያለውን ዳገት ታውቂዋለሽ። ክረምት ላይ ድሬ በላብ ተጠምቀሽ ትሳፈሪያለሽ፣ ደንገጎ ስትደርሺ ሹፌሩ መብራት ያበራል፣ ሰው መስኮት ይዘጋል።

አንድ ቀን እዚያው ጉሙ ውስጥ ጎማ ፈነዳብንና ወርደን ቆምን። የጎማው ለውጥ አንድ ሰዓት ያህል ፈጀ። አጠገቤ የነበሩ እናት ነጠላቸውን ተከናንበው ነበር፤ የነጠላው ጭራ ክር ጫፍ ላይ፣ እያንዳንዷ ላይ፣ አንዳንድ ጠብታ ተንጠልጥሎ አየሁ። ስትረግፍ ሌላ ትተካለች። ነፋሱ ደግሞ ኃይለኛ ነበር፣ ጉሙ ፊታችን ላይ እየተጋፋ ያልፋል። ያልፋል፣ ያልፋል፣ ግን አላለቀም። ያን ቀን ነው የገባኝ። ከቆላ የመጣው አየር ተራራውን ሲወጣ ይቀዘቅዛል፣ እርጥበቱ ጠብታ ይሆናል፣ ተራራውን አልፎ ቁልቁል ሲወርድ ይሞቅና ጠብታው መልሶ ይጠፋል። ውኃው መንገደኛ ነው፣ ደመናው ግን ቦታውን አይለቅም። ልክ እንደ ወንዝ።

ስለዚህ ከመንደሩ ሥር ተራራ አስቀምጪ። ሰዎቹ አይተውት አያውቁም። ልጅቷ ስትመለስ መንደሯን እዚያው ታገኛታለች፤ ስትሄድ ከነበረው ጠብታ ግን አንዱም የለም።

ሳቢያን ነኝ፦
አቦ ይሄ ግሩም ነው። አንድ ነገር ልጨምር። ደመና ቀላል ይመስላል እንጂ ከባድ ነው። ባዘቶ የመሰለው የበጋ ደመና፣ ርዝመቱም ስፋቱም ከፍታውም አንድ አንድ ኪሎ ሜትር ቢሆን 500 ቶን ያህል ውኃ ይይዛል። የማይወድቀው ጠብታው በጣም ደቃቅ ስለሆነ ነው። ከዳር እስከ ዳር 0.02 ሚሊ ሜትር ገደማ ናት፤ ከሥር የሚወጣው አየር ይይዛታል። ሰው ግን አይይዝም። እዚህ ላይ ማለፍ የለብሽም፣ ሰዎችሽ በምን ቆሙ?

እኔ ብሆን ቤቶቹን እንዲንሳፈፉ አደርጋቸው ነበር። ቬነስ ላይ ከ50 ኪሎ ሜትር በላይ ከፍ ስትይ ሙቀቱም ግፊቱም ወደ እኛው ምድር ይጠጋል፤ የዚያ ዓለም አየር ከባድ ስለሆነ እኛ የምንተነፍሰው አየር ራሱ ፊኛ ሞልቶ ያንሳፍፋል። ደመናው አሲድ ነው እንጂ። ሶቪየቶች በ1985 እ.ኤ.አ. ሁለት ፊኛዎች እዚያ ለቀው ሁለቱም ሁለት ቀን ያህል ተንሳፍፈዋል። ያንቺም ሰማይ ከባድ አየር ይኑረው፣ አለቀ። ቤቶቹ በገመድ ከዚያ ከማይታየው ተራራ ጋር ይታሰሩ።

ውኃ ቀጂ ካለሽ ደግሞ እንስራ አታሸክሚያት። ቺሊና ሞሮኮ ውስጥ ጉም በሚበዛበት ተራራ ላይ መረብ ዘርግተው ውኃ ያጠራቅማሉ። ጉሙ መረቡን ሲያልፍ ክሩ ላይ ይቀራል፣ እንደዚያ እናት ነጠላ።

ፈጢራ በማር፦
እኔ ስለ መልኩ ነው የማወራው። ከድሬ ወደ አዲስ አበባ ስበር ሁልጊዜ መስኮት ጋ ነው የምቀመጠው። ሁለት ነገር ታዝቤያለሁ። አንደኛ፣ የነዚያ የተበታተኑ ደመናዎች ሥር አንድ ላይ በቢላ የተቆረጠ ይመስላል። የሚወጣው አየር ጠብታ የሚሆንበት ከፍታ ለሁሉም አንድ ስለሆነ ነው። ስለዚህ አገርሽ ከላይ ገደል ነው፣ ከሥር ግን ጣሪያ ነው። እዚያ ጣሪያ ሥር ማን ይኖራል? ይሄን ጻፊልን።

ሁለተኛ፣ ፀሐይ በወዲያ በኩል ሆና የአውሮፕላኑ ጥላ ደመናው ላይ ሲያርፍ ክብ ቀስተ ደመና ይከበዋል። ተራራ ላይ የቆመ ሰውም ከሥሩ ጉም ካለ ያየዋል፤ ቀለበቱን ግን እያንዳንዱ በራሱ ጥላ ራስ ዙሪያ ብቻ ነው የሚያየው። ሁለት ሰው ጎን ለጎን ቢቆም እያንዳንዱ የራሱን ብቻ ያያል። እናትና ልጅ ሲለያዩ እንዲህ ቢቆሙስ?

የከዚራ ልጅ፦
እግዜር ይስጥልኝ፣ የምር። ከትናንት ማታ ጀምሮ እየጻፍኩ ነው። «ምድር የለም» የሚለውን መስመር አወጣሁት፣ «ምድር የለም ብለው ያምናሉ» አልኩ። ካርታውንም አዲስ ሣልኩት፤ መጀመሪያ ተራሮቹን በእርሳስ፣ ከዚያ ደመናውን በላያቸው። በበጋ ነፋሱ ሲደርቅ አንዳንዱ መንደር ስለሚገለጥ እሱን ለየብቻ ቀለም ቀባሁት።

ጀጎል ዙሪያ፣ አንድ ነገር ልጠይቅህ። ደንገጎ ላይ ጉሙ ውስጥ ሆናችሁ ድምፅ እንዴት ነበር? ከዳገቱ የሚመጣ መኪና ከሩቅ ይሰማ ነበር ወይስ አጠገባችሁ ሲደርስ ብቻ? ልጅቷ ወደ መንደሯ የምትገባው በሌሊት ነው፣ ከማየቷ በፊት እንድትሰማው እፈልጋለሁ።