የተያዘብኝ ኦፓል በሐራጅ ሊሸጥ ነው፤ ማስቆም ይቻላል?

የወሎ ልጅ (ጠያቂ)፦ ሰላም ለሁላችሁ። ወሎ፣ ደላንታ ውስጥ ካለ የአምራቾች ማህበር 4 ኪሎ ጥሬ ኦፓል (የከበረ ድንጋይ) ገዝቼ ወደ አዲስ አበባ ስመጣ አንድ ኬላ ላይ ተያዘብኝ። የማህበሩ ፈቃድ ኮፒና የክፍያ ደረሰኝ አለኝ። መሸኛ (ማዕድኑን ለማጓጓዝ የሚያዘውን ወረቀት) ግን አልያዝኩም፤ ማህበሮቹ «በኋላ ይደርስሻል» ሲሉኝ አምኜ ተነሳሁ። ኬላው ላይ ሲይዙት የሰጡኝ ወረቀት «ኦፓል 4 ኪሎ» ብቻ ነው የሚለው። አሁን «ያለ ፈቃድ የወጣ ማዕድን» ተብሎ የሐራጅ ማስታወቂያ ተለጥፏል። ክስ አልደረሰኝም። ምን ላድርግ?

ደጅ ጠኚው፦ እህቴ፣ መጀመሪያ ማን እንደያዘውና በምን መዝገብ እንደያዘው አጣሪ። ፖሊስ በወንጀል ምርመራ ይዞት ከሆነ ኤግዚቢት (በማስረጃነት የተያዘ ዕቃ) ነው። ይወረስ ወይስ ይመለስ የሚለውን ለፍርድ ቤት ታመለክቻለሽ። ጉምሩክ ከሆነ መጀመሪያ እዚያው ቅሬታ ይቀርባል፤ ቀኑ ደግሞ ቶሎ ያልፋል። በቃል ተናግረሽ እንዳትመለሺ። በጽሑፍ አስገቢ፣ በእጅሽ በሚቀረው ኮፒ ላይ የገቢ ማህተም አስመቺ።

ድንጋይ ጠራቢ፦ እኔን ያስደነገጠኝ «4 ኪሎ» የሚለው ወረቀት ነው። ኦፓል እንደ ጤፍ በሚዛን ብቻ አይለካም። አንድ ዓይነት ክብደት ካላቸው ሁለት ድንጋዮች አንዱ ቀለም ይጫወታል፣ ሌላው ነጭ ጠጠር ነው። ያው 4 ኪሎ ሆኖ ጥሩ ጥሩው ቢለወጥ በምን ታስረጃለሽ? ደግሞ የደላንታ ኦፓል ውሃ ይጠጣል። ውሃ ውስጥ ካደረ ይከብዳል፣ ቀለሙም እስኪደርቅ ይጠፋል። ማንም ሳይሰርቅ ሚዛኑ ሊዛባ ይችላል ማለት ነው። አንቺ ባለሽበት ተከፍቶ፣ ተለይቶ፣ ፎቶ ተነስቶ እንዲታሸግ በጽሑፍ ጠይቂ። (የሰሜን ሸዋው የመዘዞ ኦፓል ቢሆንማ ደርቆ መሰንጠቁንም እፈራልሽ ነበር።)

ጋሻ፦ አይዞሽ። የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1161 በቅን ልቦና ገዝቶ የተረከበ ሰው ባለቤት ይሆናል ይላል። በቃ።

ደጅ ጠኚው፦ ጋሻ፣ እዚህ ላይ ቀስ በል። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 የተፈጥሮ ሀብት የመንግሥትና የሕዝብ ነው። ቆፋሪው ባለመብት የሚሆነው በፈቃዱ ነው። እሱ ፈቃድ ከሌለው እሷ ከማን ገዛች ሊባል ነው? በአዋጅ ቁጥር 1144/2011 ደግሞ ማዕድን ለመነገድ የብቃት ማረጋገጫ ያስፈልጋል። ያንን ሳይዙ «ቅን ልቦና ነበረኝ» ማለት ዳኛ ፊት ይከብዳል። እህቴ፣ አንቺስ አለሽ?

የወሎ ልጅ፦ አለኝ፣ የታደሰ ነው። የጎደለኝ መሸኛው ብቻ ነው።

ደጅ ጠኚው፦ እንግዲያው ክርክርሽ ጠበበልሽ። ማስታወቂያው «ያለ ፈቃድ የወጣ» ይላል። ያንቺው ግን በፈቃድ ወጥቶ ያለ መሸኛ የተጓጓዘ ነው። ሁለቱ የተለያየ ጥፋት ናቸው፤ አቤቱታሽን እዚህ ላይ አቁሚው። መሸኛ አለመያዝሽን እንዳትክጂ፣ ይጎዳሻል። የማህበሩ ሊቀመንበር ዋናውን ፈቃድና ያስረከቡበትን መዝገብ ይዞ ይምጣ። ጉዳዩ በፍትሐ ብሔር ከሄደ ከክሱ ጋር በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 154 እግድ ጠይቂ። የሚያከራክር ንብረት ሊሸጥ ሲል ለማስቆም ነው የተቀመጠው። ኦፓል ቲማቲም አይደለም፣ ቢቆይ አይበሰብስም። ይህን ለዳኛው ንገሪ።

እኔም ደርሶብኛል፦ እኔ አቤት ያልኩት ከተሸጠ በኋላ ነበር። ብዙ ተመላልሼ ረታሁ፤ የተመለሰልኝ ግን የሐራጁ ገንዘብ ነው። በዚያ ብር ግማሹን ድንጋይ እንኳ መልሼ አልገዛም። አትዘግዪ።

የወሎ ልጅ፦ እግዜር ይስጥልኝ። ሊቀመንበሩ አርብ እመጣለሁ አለኝ። ሐራጁ ግን ሐሙስ ነው።

ደጅ ጠኚው፦ አትጠብቂው። ባለሽ ኮፒ ነገ ጠዋት እግዱን ጠይቂ፤ ዋናው አርብ ይቀርባል ብለሽ አመልክቺ። ስትሄጂ የተለጠፈውን ማስታወቂያ በስልክሽ ፎቶ አንሺው፣ ቀኑና ቁጥሩ በደንብ ይታይ።