ለአስጎብኚ ድርጅት የክላውድ ሶፍትዌር ከመከራየታችን በፊት ምን እናጣራ?

ጠያቂ (የአስጎብኚ ድርጅት ባለቤት)
ጤና ይስጥልኝ። አዲስ አበባ ውስጥ አነስተኛ አስጎብኚ ድርጅት አስተዳድራለሁ። ሥራችን በአብዛኛው የሰሜኑ ታሪካዊ መስመር ሲሆን፣ ለገናና ለጥምቀት ወደ ላሊበላና ወደ ጎንደር የሚሄዱ እንግዶችን ከወራት በፊት እንመዘግባለን። እስካሁን የእንግዶችን ዝርዝር በኤክሴል፣ የሆቴልና የመኪና ማረጋገጫዎችን በኢሜይልና በቴሌግራም፣ ሒሳቡን ደግሞ በሌላ ፕሮግራም ስለምንይዝ፣ አንድ እንግዳ የመምጫ ቀኑን ሲቀይር ለውጡ በሁሉም ቦታ መመዝገቡን ማረጋገጥ አስቸጋሪ ሆኖብናል። ሁሉንም የሚያጠቃልል የክላውድ ሥርዓት (በኢንተርኔት በኩል የሚሠራ ሶፍትዌር) ለመከራየት አስበናል፤ ነገር ግን ኢንተርኔት ሲቋረጥ ሥራችን እንዳይቆም እንሰጋለን። ልምድ ያላችሁ ምን ትመክሩናላችሁ?

ምላሽ (የሒሳብ ባለሙያ)
እኔ ቅድሚያ የምሰጠው ለምንዛሪ አያያዙ ነው። ለውጭ ወኪሎች ዋጋ የምትሰጡት በዶላር ወይም በዩሮ ሲሆን፣ ለሆቴልና ለሾፌር የምትከፍሉት ግን በብር ነው። ብሔራዊ ባንክ ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የምንዛሪ ተመኑ በገበያ እንዲወሰን ካደረገ ወዲህ፣ ዋጋው በተሰጠበትና ገንዘቡ በገባበት ቀን መካከል የሚፈጠረው ልዩነት የአንድን ጉዞ ትርፍ ሊያዛባ ይችላል። ስለዚህ ሶፍትዌሩ ዋጋው የተሰጠበትን፣ ቅድመ ክፍያው የገባበትንና ለሆቴሉ የተከፈለበትን ተመን ለየብቻ መዝግቦ ማቆየት አለበት። የዛሬውን ተመን ስታስገቡ ያለፈውን ወር ሒሳብ አብሮ የሚለውጥ ከሆነ፣ ሌላው ሁሉ ቢያምር እንኳ አትቀበሉት።

የካርድ ክፍያም ሌላ ጉዳይ ነው። ከእነዚህ ሥርዓቶች ብዙዎቹ የሚገናኙት እንደ ስትራይፕ ካሉ የክፍያ አገልግሎቶች ጋር ነው፤ ስትራይፕ ደግሞ ኢትዮጵያ ውስጥ ለተመዘገበ ድርጅት አካውንት አይከፍትም። በባንክ ሐዋላ ወይም በቴሌብር የገባን ገንዘብ በእጅ መመዝገብ የሚቻል መሆኑን በሙከራው ጊዜ አረጋግጡ።

ምላሽ (የጉዞ አስተባባሪ)
በቀን አቆጣጠሩ ላይ ልጨምር። የውጭ ሶፍትዌሮች በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ስለሚሠሩ፣ የዘንድሮውን ጉዞ ገልብጦ ለከርሞ መድገም በበዓላት ጊዜ አደገኛ ነው። ገና በዘመነ ዮሐንስ ታኅሣሥ 28 ስለሚከበር ከጃንዋሪ 7 አይናወጥም፤ ጥምቀት ግን ጥር 11 ቀን ጸንቶ ስለሚቆይ ዘመነ ዮሐንስ በሆነው በ2020 ዓ.ም. የሚውለው እንደ ወትሮው ጃንዋሪ 19 ሳይሆን ጃንዋሪ 20 ነው። በዚያ ሰሞን ጎንደር ላይ ለአንድ ሌሊት የጎደለን ክፍል ማግኘት ምን ያህል እንደሚከብድ እርስዎም ያውቁታል።

ኢንተርኔትን በተመለከተ፣ መረጃው በአቅራቢው ሰርቨር ላይ ስለሚቀመጥ የቢሮው ኮምፒውተር ቢበላሽ አይጠፋም፤ መስመር ሲቋረጥ ግን አይደረስበትም። የእያንዳንዱ ጉዞ ዝርዝር ከመነሻው ቀን አስቀድሞ በፒዲኤፍ ወጥቶ በአስጎብኚውና በሾፌሩ ስልክ ላይ መቀመጥ ይኖርበታል።

ምላሽ (የሶፍትዌር ባለሙያ)
የሥራችሁን ዓይነት ሳትለዩ ዝነኛ ስም አትከተሉ። በ2018 እ.ኤ.አ. በትሪፕአድቫይዘር የተገዛው ቦኩን እና በዚያው ዓመት በቡኪንግ ሆልዲንግስ የተገዛው ፌርሃርበር የተባሉት የጉብኝት መመዝገቢያ ሶፍትዌሮች፣ በሰው ቁጥር የሚሸጥ የቀን ጉብኝት ለሚያዘጋጁ በእጅጉ ይስማማሉ። እናንተ ግን ብዙ ሆቴሎችን፣ መኪናዎችንና በረራዎችን አቀናጅታችሁ የብዙ ቀን ጉዞ ስለምትሸጡ፣ የአቅራቢዎችን ዋጋ በየወቅቱ የሚይዝ ሥርዓት ያስፈልጋችኋል። ውሉ ሲቋረጥ መረጃው በሙሉ በኤክሴል ሊነበብ በሚችል ፋይል እንደሚሰጣችሁ በጽሑፍ ይስፈርላችሁ። ከመፈረማችሁ በፊትም ባለፈው ጥምቀት እጅግ ያስቸገራችሁን ቡድን ከነለውጦቹ አስገብታችሁ ሞክሩት።