ክርክር፦ የወንጀልና የድግምት ድራማ ጎንደር ላይ ይቀረጽ?

አወያዩ፦ አንዱ አባላችን ስምንት ክፍል ያለው ድራማ እየጻፈ ነው። ታሪኩ እዚሁ ጎንደር ነው። ቅርስ ሻጭ አለበት፣ ድግምት የሚጽፍ ደብተራ አለበት፣ ቡዳ አለበት። ሐሙስ ፒያሳ ቡና ላይ ሲያነብልን ግማሹ አጨበጨበ። ግማሹ ደግሞ «ከተማችንን ልታሰድብ ነው» ብሎ ተነሣ። እዚህ እንጨርሰው። ይቀረጽ ወይስ ይቅር? (ዓመተ ምሕረት ስትጠቅሱ በፈረንጅ ይሁን፣ አትደበላልቁብን።)

ካሜራማኑ፦ ይቀረጻል እንጂ! አሜሪካዊውን የድራማ ጸሐፊ ቪንስ ጊሊጋንን እዩት። ጭራቅና የሌላ ዓለም ፍጡር እየጻፈ ያደገ ሰው ነው። «ዘ ኤክስ ፋይልስ» ላይ የጻፈው የመጀመሪያ ክፍል የታየው በ1995 ነው። ድራማው በ2002 ሲያልቅ ዋና ፕሮዲዩሰር ሆኖ ነበር። ከዚያ በ2008 «ብሬኪንግ ባድ»ን ይዞ መጣ፤ አደንዛዥ ዕፅ የሚያበስል የኬሚስትሪ መምህር ታሪክ ነው። 62 ክፍል። ድራማው የተቀረጸባት አልበከርኪ የምትባል የአሜሪካ ከተማ ስሟን ማን ያውቅ ነበር? አሁን ሰው ቲኬት ቆርጦ ሊያያት ይሄዳል።

አስጎብኚው፦ ወንድሜ፣ ቀሪውንም ንገራቸው እንጂ። «ብሬኪንግ ባድ» ላይ ዋናው ገጸ ባሕርይ ተናዶ ፒዛ ጣሪያ ላይ ይወረውራል። ተመልካቹም ፒዛ እየገዛ ያ በተቀረጸበት የሰው ቤት ጣሪያ ላይ ሊወረውር መጣ። ጊሊጋን ራሱ ተዉ ብሎ ለመነ። አልሰሙትም። ባለቤቶቹ መጨረሻ ላይ ቤታቸውን በብረት አጥር አጠሩ። እኔ ፋሲል ግንብ ውስጥ ስሙን በድንጋይ የሚጭር ጎረምሳ ሳባርር ነው የምውለው። ድራማ ሲጨመርበት አስቡት።

መምህርቷ፦ እኔ የማልስማማው «ስም ይጠፋል» በሚለው ነው። የግንቡ ታሪክ ራሱ ምንድነው? አድያም ሰገድ ኢያሱ በ1706 ተገደሉ፤ ያኔ ዙፋኑን የያዘው የገዛ ልጃቸው ተክለ ሃይማኖት ነበር። እሱም ከዚያ በኋላ ሁለት ዓመት አልቆየም፣ ተገደለ። በ1769 ራስ ሚካኤል ስሑል ንጉሡን ኢዮአስን አስገደሉ። ይህን ሁሉ ለተማሪ አስተምራለሁ፣ ከተማዋን ሰደብሽ ያለኝ የለም።

አስጎብኚው፦ እታለም፣ ታሪክ ሌላ ድራማ ሌላ።

ካሜራማኑ፦ አልበከርኪ እንኳ የተመረጠችው ለገንዘብ ነው። ጽሑፉ መጀመሪያ ካሊፎርኒያ ነበር። አልበከርኪ ያለችበት ግዛት ኒው ሜክሲኮ ለቀረጻ ከወጣው ገንዘብ 25 በመቶ ስለምትመልስ ወደዚያ ተዛወረ። እኛም ጋ ሥራ ይፈጠራል፤ ሹፌር፣ አናጢ፣ ምግብ አብሳይ...

የወለቃዋ፦ ስለ ገንዘቡ አልከራከርም። እኔ ያልገባኝ ቡዳው ነው። እናቴ ሸክላ ሠሪ ናት፣ አያቴ አንጥረኛ ነበር። በዚህ አገር ቡዳ የሚባለው ማን እንደሆነ ሁላችሁም ታውቃላችሁ። ልጅ ሆኜ ምሳ ሰዓት ላይ ጓደኞቼ ምሳ ዕቃቸውን በነጠላ ይሸፍኑብኝ ነበር። አሁን በየቤቱ በቴሌቪዥን ሊታይ ነው። አንጥረኛ፣ ዓይኑ የቀላ፣ ሌሊት ጅብ የሚሆን። ተሳስቻለሁ?

አወያዩ፦ እዚህ ላይ ለረጅም ጊዜ ማንም አልጻፈም። እኔም ሐሙስ ካጨበጨቡት አንዱ ነበርኩ።

ጸሐፊው፦ አልተሳሳትሽም። ረቂቁ ላይ አንጥረኛ ነው። ሳላስበው ነው የጻፍኩት፣ ያ ደግሞ ይብሳል። ግን መስተካከል ይችላል። ጊሊጋን «ብሬኪንግ ባድ» ላይ ጄሲ የሚባለውን ልጅ በመጀመሪያው ምዕራፍ ሊገድለው አስቦ ነበር። ተዋናዩን ሲያይ ሐሳቡን ቀየረ። ልጁ እስከ መጨረሻው ዘለቀ።

መምህርቷ፦ እሱ የቀየረው ጸሐፊም ፕሮዲዩሰርም ስለነበረ ነው። አንተ ማነህ? ስክሪፕቱን ሸጠህ ገንዘብህን ትቀበላለህ። ከዚያ ስፖንሰሩ «ቡዳው ይመለስ፣ ሰው የሚወደው እሱን ነው» ቢል ምን ታደርጋለህ? ቀረጻ ቦታ ላይ እንኳ ላይጠሩህ ይችላሉ።

አወያዩ፦ እኔ የምለው ይኸን ነው። ይቀረጽ አይቀረጽ ከማለታችን በፊት ውሉ ላይ ምን ተጽፏል? የመጨረሻው ቃል የማን ነው? ጎንደር ላይ ድግምት ቢወራ አያስደነግጠኝም፤ ሳይወራ የዋለበት ቀንም የለ። የሚያስፈራኝ የሚጠየቅ ሰው መጥፋቱ ነው። ጊሊጋንን ሰው ይወቅሰው ነበር። የሚወቀስ ሰው ነበራ!

ጋሼ (ጡረተኛው)፦ ልጆች፣ እኔ ቴሌቪዥን ብዙ አላይም። ሌባ ከፈለጋችሁ ግን ሩቅ አትሂዱ። በ1932 ሚሼል ሌሪስ የሚባል ፈረንሳዊ እዚሁ ጎንደር ስለ ዛር ሲያጠና ከርሟል። አብረውት የመጡት የአባ እንጦንስን ቤተ ክርስቲያን ሥዕል ከግድግዳው ልጠው ወሰዱ። በቦታው ቅጂ ሠርተው ለጠፉ። ዋናው ዛሬም ፓሪስ ነው። ዛርም አለበት፣ ሌብነትም አለበት። ደሃ አንጥረኛ ምን አደረጋችሁ?

ካሜራማኑ፦ ጋሼ፣ አንቱ ፕሮዲዩሰር ይሁኑልን!

አስጎብኚው፦ እሱን ከሆነ እኔም አለሁበት። ግንቡ ውስጥ ግን ምንም አይወረወርም። እንጀራም ቢሆን።

መምህርቷ፦ አልበከርኪ በ2022 የ«ብሬኪንግ ባድ»ን ሁለት ዋና ገጸ ባሕርያት የነሐስ ሐውልት ስታቆም የተቃወመ ነበር። አደንዛዥ ዕፅ አብሳይ ይከበራል ወይ ተባለ። እናንተም አሁን ተደስታችሁ እንዳትረሱት፣ ውሉን አሳዩኝ።

ጸሐፊው፦ ውል ገና የለኝም። አንጥረኛውን ግን ዛሬ አወጣሁት። ክፍል ሦስት ላይ አባ እንጦንስ ይገባል። የወለቃዋ፣ እንደ ገና ስጽፈው እናትሽ ያንብቡልኝ?

የወለቃዋ፦ እናቴ ማንበብ አትችልም። መጥተህ አንብብላት። ቅዳሜ አትምጣ፣ ገበያ ነች። እሁድ ከሰዓት። ካልወደደችው ደግሞ ፊት ለፊት ነው የምትነግርህ።